ከደብረ ብርሃን ሆኜ የአሜሪካን የኢሚግሬሽን መሥሪያ ቤት ሳስጠይቅ ያለፍሁበት

በደብረ ብርሃን ከተማ በአንድ ትምህርት ቤት መዝገብ ቤት እሠራለሁ። የሰው ፋይል ማውጣትና መመለስ እንጀራዬ ስለሆነ፣ ቁጥር ያልተጻፈበት ደብዳቤ ምን እንደሚገጥመው አሳምሬ አውቃለሁ፤ ጠረጴዛ ጥግ ይቀመጣል፣ አቧራ ይለብሳል፣ ባለቤቱ ከሳምንት በኋላ ሲመለስም «የትኛው ነበር?» ይባላል። ይህንን በየቀኑ እያየሁ የራሴን ጉዳይ ለአሜሪካ መንግሥት ሳስጠይቅ ግን አራት ገጽ ሙሉ ናፍቆትና ብሶት ጽፌ፣ የፋይሉን ቁጥር ሳላሰፍር አስላክሁ። በቀጣዮቹ ዓመታት የጠየቅነውን፣ የተሳሳትነውንና የተሳካልንን እዚህ የማሰፍረው፣ በዞናችን ከመሐል ሜዳ እስከ ሸዋ ሮቢት «ፕሮሰስ ላይ ነኝ» እያለ የሚጠብቅ ሰው ብዙ ስለሆነና አብዛኛውም የሚጠይቀው እኔ መጀመሪያ እንደጠየቅሁት ስለሆነ ነው። ጠበቃ አይደለሁም፤ የምናገረው ያለፍሁበትን ያህል ብቻ ነው።

ባለቤቴ ዲቪ ደርሶት በ2008 ዓ.ም. ወደ አሜሪካ ሄደ፤ በጥር 2011 ዓ.ም. ተመልሶ መጥቶ እዚሁ ተጋባን፤ ልጃችን በጥቅምት 2012 ዓ.ም. ተወለደች። በግንቦት 2013 ዓ.ም. እርሱ ግሪን ካርድ ያለው ነዋሪ ሆኖ አይ-130 የተባለውን የቤተሰብ ማመልከቻ በእኔ ስም አስገባ፤ ልጃችንም በእኔ ፋይል ሥር ተከትላ እንድትሄድ ታሰበ። ነገሩ የተወሳሰበው ከዚህ በኋላ ነው፤ ያወሳሰብነውም በአብዛኛው እኛው ነን።

በእኛ አካባቢ ሁሉም ነገር «ኤምባሲ» ይባላል። «ኤምባሲ ይዞብኛል»፣ «ኤምባሲ ደብዳቤ ላከ» ሲባል የሚሰማ ሰው አዲስ አበባ እንጦጦ መንገድ ላይ ያለው ግቢ ውስጥ ሁሉም ነገር የሚወሰን ይመስለዋል፤ እኔም ይመስለኝ ነበር። የቤተሰብ ማመልከቻ ግን ኤምባሲ ከመድረሱ በፊት ሁለት ቤት ያልፋል። መጀመሪያ የሚቀበለውና ዝምድናው እውነተኛ መሆኑን የሚመረምረው የአሜሪካ የዜግነትና የኢሚግሬሽን አገልግሎት ነው፤ ባለጉዳዮች ዩኤስሲአይኤስ ይሉታል፤ ከ2003 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በአገር ውስጥ ደኅንነት መሥሪያ ቤታቸው ሥር ይገኛል። እርሱ ካጸደቀ በኋላ ፋይሉ በውጭ ጉዳይ መሥሪያ ቤታቸው ሥር ወዳለው የብሔራዊ ቪዛ ማዕከል፣ ኤንቪሲ ወደሚባለው፣ ኒው ሃምፕሸር ግዛት ፖርትስመዝ ከተማ ይሻገራል፤ ይህ ቤት ክፍያ ይሰበስባል፣ ሰነድ ያሰባስባል፣ ቀጠሮ ያስይዛል። ኤምባሲው የመጨረሻው በር ነው። አንዱ ቤት በሌላው እጅ ስላለ ፋይል ቢጠየቅ መልስ የለውም። እኔ ማመልከቻው ገና በመጀመሪያው ቤት ሳለ ለኤምባሲው ሦስት ጊዜ ጽፌ፣ ሦስት ጊዜም «ጉዳይዎ እኛ ዘንድ አልደረሰም» የሚል መልስ ደርሶኝ፣ መልሱን እንደ ማባረር ቆጥሬ ተቀይሜ ነበር። ዛሬ ሳነበው ትክክለኛ መልስ ነበር።

ፋይሉ የት እንዳለ የሚታወቀው በቁጥሩ ነው። ዩኤስሲአይኤስ ማመልከቻውን ሲቀበል የሚልከው አይ-797 የተባለ የደረሰኝ ደብዳቤ ላይ አሥራ ሦስት ምልክት ያለው ቁጥር አለ፤ ሦስት የላቲን ፊደላት ይቀድማሉ፣ አሥር አኃዞች ይከተላሉ። ይህን ቁጥር በድረ ገጻቸው የጉዳይ ሁኔታ መመልከቻ ላይ ማንም ሰው ቢያስገባ ፋይሉ የደረሰበትን ያያል። ማንም ሰው ማለቴን ልብ ይሏል፤ ስለዚህ ነገር ኋላ እመለስበታለሁ። ፋይሉ ወደ ቪዛ ማዕከሉ ሲሻገር ሌላ ቁጥር ይሰጠዋል፤ በአዲስ አበባ ለሚታይ ጉዳይ ኤ፣ ዲ፣ ዲ በሚሉ ፊደላት ይጀምራል። የያዙት ወረቀት ላይ ያለው ቁጥር የትኛው እንደሆነ ካወቁ የትኛውን ቤት እንደሚጠይቁም አወቁ ማለት ነው።

ቀጥሎ ያለው ጥያቄ «ማን ይጠይቅ?» የሚል ነው። ባለቤቴ የሌሊት ተረኛ ስለሆነ ቀን ይተኛል፤ ስለዚህ እዚያው አብራው የምትኖረው እኅቱ እንድትደውል ተስማማን። የጥሪ ማዕከሉ ቁጥር 1-800-375-5283 ነው፤ ከሰኞ እስከ ዓርብ በምሥራቅ አሜሪካ ሰዓት ከጠዋቱ ሁለት እስከ ምሽቱ ሁለት ሰዓት ይሠራል፤ ይህም በእኛ አቆጣጠር እነርሱ በጋ ሲሆኑ ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት እስከ ሌሊቱ ዘጠኝ፣ ክረምታቸው ሲሆን ደግሞ አንድ ሰዓት ዘግይቶ ማለት ነው። እኅቱ ከአውቶማቲኩ ድምፅ ጋር ብዙ ታግላ ሰው ስታገኝ፣ የመጀመሪያው ጥያቄ «እርስዎ አመልካቹ ነዎት?» የሚል ሆነ። አይደለሁም ስትል በፋይሉ ላይ ያለውን ዝርዝር ሊነግሯት እንደማይችሉ፣ አጠቃላይ መረጃ ብቻ መስጠት እንደሚችሉ በትሕትና ነገሯት። እኔ ብደውልም ያው ነበር። በዩኤስሲአይኤስ ዘንድ ጉዳዩ የአመልካቹ ነው፤ እኔ ተጠቃሚ ተብዬ ስሜ ቢሰፍርም ስለ ፋይሉ የሚናገሩት ከባለቤቴ ጋር፣ ወይም ጂ-28 በተባለው ቅጽ ከወከለው ጠበቃ ጋር ነው። በሕይወቴ ትልቁ ጉዳይ ላይ ጠያቂ አለመሆኔ ቅር አሰኝቶኝ ነበር፤ ሆኖም መዝገብ ቤት ሰው ነኝና ማንም ተነሥቶ «የእገሌን ፋይል አውጪልኝ» ሲለኝ እኔስ መቼ አወጣለሁ?

ከዚያ ወዲህ ሥራ ተከፋፈልን። እኔ ጥያቄውን አዘጋጃለሁ፣ ማስረጃውን እደረድራለሁ፣ ቀኑንና ሰዓቱን በደብተር እመዘግባለሁ፤ እርሱ ይጠይቃል። ፋይሉ ወደ ቪዛ ማዕከሉ ከተሻገረ በኋላ ግን ነገሩ ይለወጣል፤ እዚያ የቪዛ አመልካቹም ስለራሱ ጉዳይ በድረ ገጻቸው በሚገኘው የጥያቄ ቅጽ መጻፍ ይችላል፤ ስለዚህ ያኔ ራሴ እጽፍ ጀመር።

ስልክ ብቻ መንገድ እንዳልሆነም ቀስ በቀስ ገባን። በዩኤስሲአይኤስ ድረ ገጽ ላይ ኤማ የምትባል፣ በእንግሊዝኛና በስፓኒሽ የምትመልስ የኮምፒውተር አጋዥ አለች፤ የተጠየቀችው ነገር ከአቅሟ በላይ ሲሆን በጽሑፍ ከሚመልስ ሰው ጋር ታገናኛለች። ባለቤቴ ስልክ ላይ እንግሊዝኛው ይጠፋበታል፤ በጽሑፍ ሲሆን ግን ቀድሜ ያዘጋጀሁትን ገልብጦ ይለጥፋል፤ የተመለሰለትንም ፎቶ አንሥቶ ይልክልኛል። ጉዳይ ሲወሳሰብ በስልክ የያዘው ሠራተኛ ከእርሱ ከፍ ወዳለ መኮንን ያስተላልፈዋል፤ መኮንኑም በሌላ ቀን መልሶ ይደውላል። የሚደወለው ግን ሰዓቱ ሳይታወቅ፣ አንዳንዴም ቁጥሩ ሳይታይ ነው። ባለቤቴ «የማላውቀው ቁጥር አላነሣም» ብሎ ሁለት ወር የጠበቅነውን ጥሪ እንዲሁ አሳለፈው። የማጭበርበሪያ ስልክ ስለበዛ አልፈርድበትም፤ ከዚያ በኋላ ግን ጥሪ የተቀጠረበትን ሰሞን በደብተሩ በቀይ እጽፍለት ጀመር።

አድራሻ ስለመቀየርም አንድ ነገር ልበል። ባለቤቴ ቤት ሲቀይር ለፖስታ ቤት አሳውቆ ለኢሚግሬሽኑ ሳይነግር ቀረ፤ እዚያ የሚኖር የውጭ ዜጋ ግን አድራሻውን ሲቀይር በ10 ቀን ውስጥ ለዩኤስሲአይኤስ ማሳወቅ በሕግ ይጠበቅበታል፤ የፖስታ ቤቱም ማስታወቂያ ይህን አይተካም። በዚያ መካከል የተላከ አንድ ደብዳቤ ጠፋብንና ድጋሚ እንዲላክ ለመጠየቅ ሌላ ወር ወጣ።

አሁን ወደ ልደት ቀኔ ልምጣ፤ ይህ ነገር የብዙ ሰው ችግር ስለሆነ በሰፊው ልናገር። እናቴ መንዝ ናት። መቼ ተወለድሁ ስላት የምትነግረኝ «በቃና ዘገሊላ፣ የሚካኤል ታቦት ሲገባ» ብላ ነው፤ ቤተ ክርስቲያኑ የሰጠው የክርስትና ወረቀትም ጥር 12 ቀን 1984 ዓ.ም. ይላል። ባለቤቴ ቅጹን ሲሞላ ጥምቀት በፈረንጆቹ ጃንዋሪ 19 እንደሚውል ያውቃልና ማግስቱን ጃንዋሪ 20 ቀን 1992 ብሎ አሰፈረ። በየዓመቱ ለሚውለው ጥምቀት ስሌቱ ልክ ነው፤ ለ1984 ዓ.ም. ግን አይሠራም። ያለፈው 1983 ዓ.ም. ዘመነ ሉቃስ ስለነበር ጳጉሜን ስድስት ቀን ሆና ነበር፤ ስለዚህ የ1984 ዓ.ም. መስከረም 1 የዋለው በሴፕቴምበር 12 ነው፤ ጥምቀትም በዚያ ዓመት ጃንዋሪ 20፣ ቃና ዘገሊላም ጃንዋሪ 21 ላይ ዋለ። ፓስፖርቴና የልደት ምስክር ወረቀቴ በትክክል ጃንዋሪ 21 ሲሉ ማመልከቻው ጃንዋሪ 20 አለ። አንድ ቀን ናት፤ ሆኖም ለፋይሉ ሁለት ሰው ሆንሁ። በዘመነ ዮሐንስ ከመስከረም 1 እስከ የካቲት 21 የተወለደ ሰው ሁሉ ቀኑን ከመጻፉ በፊት ይህን ያጣራ፤ ስልክ ላይ የሚገኙትን የቀን መለወጫዎችም ቢሆን በሁለት ሦስቱ ማመሳከር ጥሩ ነው።

ስሜም ተመሳሳይ ጣጣ ነበረበት። በ«ፀ» የሚጀምር ስም በላቲን ፊደል አንዱ በቲ እና በኤስ፣ ሌላው በቲ እና በዜድ፣ ሦስተኛው በኤስ ብቻ ይጽፈዋል፤ የጋብቻ ወረቀቴ አንዱን፣ ፓስፖርቴ ሌላውን ይዘው ነበር። በዚህ ላይ እኛ የቤተሰብ ስም የለንምና ባለቤቴ በአባቱ ስም፣ እኔ በአባቴ ስም፣ ልጃችን ደግሞ በአባቷ ስም ስትጠራ፣ የሦስት ቤተሰብ ሰዎች የሆንን ይመስላል። ባለቤቴ ይህን ሁሉ በአንድ ገጽ ጻፈ፤ የኢትዮጵያ ስም አጠራር እንዴት እንደሆነ በሦስት ዓረፍተ ነገር፣ የልደቱ ቀን ለምን እንደተሳሳተ በሁለት ዓረፍተ ነገር አስረድቶ፣ የፓስፖርቴንና የልደት ምስክር ወረቀቴን ቅጂ አያይዞ፣ የደረሰኙን ቁጥር በየገጹ ራስ ላይ አስፍሮ ላከ። የቀደመው የአራት ገጽ ብሶት ያገኘው መልስ ለሁሉም የሚላክ ዓይነት ነበር፤ ይህኛው ግን ተነብቦ እርማቱ ተመዘገበ። ከሁሉ የገረመኝ የሚያሳዝነው ክፍል በሙሉ መውጣቱ ነገሩን አለማጉደሉ ነው።

ትልቁ ስሕተታችን ግን ያልጠየቅነው ነገር ነው። ባለቤቴ በጥር 2015 ዓ.ም. የአሜሪካ ዜግነት ምሏል። ዜግነቱን የሰጠው የእኔን ማመልከቻ የያዘው ያው መሥሪያ ቤት ስለሆነ «ያውቁታል» ብለን ዝም አልን። በሐምሌ 2015 ዓ.ም. ማመልከቻው ጸደቀና ደስ ብሎን ድግስ ቢጤ አደረግን፤ ቪዛ ማዕከሉ የላከው ደብዳቤ ግን ለምድባችን ቪዛ ገና ስለሌለ ተራ ጠብቁ የሚል ነበር። በነሐሴ 2015 ዓ.ም. በክልላችን የሞባይል ኢንተርኔት ተቋረጠና ለወራት ፋይሉን ራሴ ማየት አልቻልሁም፤ ባለቤቴ በስልክ እያነበበ ይነግረኛል፣ እኔ በደብተሬ እጽፋለሁ። «ተራ ጠብቁ» ከተባልን ምን ይጠየቃል ብለን ሰባት ወር ተቀመጥን።

በየካቲት 2016 ዓ.ም. ደብተሬን ሳገላብጥ ከፋይሉ ቁጥር ጎን ራሴ የጻፍሁትን «ኤፍ2ኤ» የሚል ምድብ ልብ አልሁት። ይህ የግሪን ካርድ ባለቤት የትዳር ጓደኛና ልጆች ምድብ ነው፤ በየዓመቱ የሚሰጠው የቪዛ ቁጥር የተወሰነ ስለሆነ ወረፋ አለው። የአሜሪካ ዜጋ የትዳር ጓደኛ፣ ከ21 ዓመት በታች የሆነ ያላገባ ልጅ፣ ወላጅም ጭምር ግን «የቅርብ ቤተሰብ» በሚል ምድብ ይታያሉ፤ ለእነርሱ የቪዛ ወረፋ የለም፤ በዚህ ውስጥ የእኔ ምድብ አይአር1 የሚባለው ነበር። ባለቤቴ ከአንድ ዓመት በላይ ዜጋ ሆኖ ሳለ እኔ ግን በማይመለከተኝ ሰልፍ ቆሜ ነበር። ጥያቄውን በሚከተለው መልክ አዘጋጅተን በቪዛ ማዕከሉ የጥያቄ ቅጽ አስገባን፤ የእንግሊዝኛው ሐሳብ በአማርኛ ይህን ይመስላል፦

«የጉዳይ ቁጥር፦ (ይኸው)። አመልካች፦ ሙሉ ስም፣ የትውልድ ቀን። የቪዛ ጠያቂ፦ በፓስፖርቱ እንደተጻፈው ሙሉ ስም፣ የትውልድ ቀን። አመልካቹ በዚህ ቀን የአሜሪካ ዜጋ ሆኗል። የዜግነት ምስክር ወረቀቱ ቅጂ ተያይዟል። የጉዳዩ ምድብ ከኤፍ2ኤ ወደ አይአር1 እንዲለወጥልን እንጠይቃለን።»

ሌላ ቃል የለበትም። ከሳምንታት በኋላ ምድቡ ተለወጠ።

ደስታው ግን የተቀላቀለ ሆነ፤ ምድቡ ሲለወጥ ልጄ ከፋይሉ ወጣች። በኤፍ2ኤ ሥር ልጅ በእናቷ ፋይል ተከትላ መሄድ ትችል ነበር፤ በዜጋ የቅርብ ቤተሰብ ምድብ ግን ተከታይ የሚባል የለም፤ እያንዳንዱ ሰው የየራሱ አይ-130 ሊገባለት ይገባል። ይህንን ቀድሞ የነገረኝ ሰው የለም ብዬ አላማርርም፤ የጠየቅሁት ሰው አልነበረምና። ባለቤቱ ወይም ባለቤቷ ዜግነት ሊወስዱ የተቃረቡ ሁሉ ልጆቻቸው በማን ፋይል እንዳሉ አሁኑኑ ይመልከቱ። ባለቤቴ በሚያዝያ 2016 ዓ.ም. ለልጃችን አዲስ ማመልከቻ በኢንተርኔት አስገባ፤ ክፍያው በዚያው ሰሞን ተሻሽሎ በኢንተርኔት ለሚገባ 625 ዶላር፣ በወረቀት ለሚገባ 675 ዶላር ሆኖ ነበር። እኔ ብቻዬን መሄድ እችል ነበር። የአራት ዓመት ልጅ ለእናቴ ትቼ መሄድን ግን አንጀቴ እንቢ አለ፤ ስለዚህ የእኔ ፋይል የእርሷን እንዲጠብቅ ወሰንን። በዚህ ጊዜም ዝም አልተባለም፤ ቪዛ ማዕከሉ ቪዛ ከተገኘ በኋላ ለአንድ ዓመት ምንም ሳይጠየቅ የቀረ ፋይል ሊዘጋ እንደሚችል ያስጠነቅቃል፤ እኔም በየሦስት ወሩ አንድ አጭር ጥያቄ እየጻፍሁ ቀኑን እመዘግብ ነበር።

የልጅቷን ፋይል ለማስፈጠን ሁለት ነገር ሞከርን። አንደኛው ማስፈጠኛ ጥያቄ ነው፤ ዩኤስሲአይኤስ ይህን የሚፈቅደው ለምሳሌ ከባድ የገንዘብ ጉዳት፣ አስቸኳይ ሰብዓዊ ችግር፣ ወይም የራሱ የመሥሪያ ቤቱ ግልጽ ስሕተት ሲኖር፣ ያም በማስረጃ ሲደገፍ ነው። እኛ ያቀረብነው መለያየታችን ያስከተለውን ናፍቆት ነበር፤ ናፍቆት ደግሞ የሚጠብቅ ሁሉ አለበት፤ ጥያቄው ተቀባይነት አላገኘም። መደበኛው ጊዜ አልፏል ብሎ ለመጠየቅም ድረ ገጹ ላይ የማመልከቻው ቀን ሲገባ መቼ ጥያቄ ማቅረብ እንደሚቻል የሚያሳይ ክፍል አለ፤ ቀኑ ሳይደርስ የቀረበ ጥያቄ ወደፊት አይሄድም፤ የእኛም አልሄደም።

ሁለተኛው ባለቤቴ በሚኖርበት አካባቢ የተመረጠው የምክር ቤት አባል ጽሕፈት ቤት ነው። ይህን መንገድ ሲነግሩኝ ትልቅ ሰው አማላጅ የመላክ ያህል መስሎኝ ነበር፤ ነገሩ ግን ሌላ ነው። እያንዳንዱ የአሜሪካ ምክር ቤት አባል ከመረጠው ሕዝብ ጋር የመንግሥት መሥሪያ ቤቶችን የሚያገናኝ ሠራተኛ አለው፤ አገልግሎቱ በነፃ ነው። ባለቤቴ መረጃው እንዲገለጥ የሚፈቅድ ወረቀት ፈርሞ፣ የደረሰኙን ቁጥርና አንድ ገጽ ማብራሪያ ሰጠ። ጽሕፈት ቤቱ መሥሪያ ቤቱን ይጠይቃል እንጂ ውሳኔ አያዝዝም፤ እኛም ያገኘነው ፋይሉ ያለበትን ደረጃ የሚገልጽ አጭር መልስ ነው። ለእኔ ግን ያ በቂ ነበር፤ የጎደለ ሰነድ እንደሌለ አወቅሁ፣ በየሌሊቱ ጋቢ ደርቤ ስልክ ላይ ማፍጠጥ ተውሁ።

ቀደም ሲል እመለስበታለሁ ያልሁት ነገር ስለ ደላሎች ነው። በ2014 ዓ.ም. አዲስ አበባ ያለ አንድ ጉዳይ አስፈጻሚ «ውስጥ ሰው አለኝ» ብሎ 15,000 ብር ቀብድ ተቀበለኝ፤ ከሁለት ሳምንት በኋላ ፋይሌ «እየታየ ነው» የሚል በእንግሊዝኛ የታተመ ወረቀት አመጣልኝ፤ ማኅተም መስሎ የታየኝም የድረ ገጹ አርማ ነበር። ወረቀቱ ማንም ሰው ቁጥሩን አስገብቶ በነፃ የሚያየው ገጽ መሆኑን ያወቅሁት ቆይቼ ነው፤ ቁጥሩን የሰጠሁትም ራሴ ነኝ። ያን ወረቀት አሁንም አስቀምጬዋለሁ። የደረሰኝ ቁጥር በቴሌግራም ቡድን ላይ አይለጠፍም፤ «መልካም ዜና አለዎት፣ ክፍያ ይላኩ» ብሎ የሚደውልም መሥሪያ ቤቱ አይደለም፤ የእነርሱ ድረ ገጽ የሚያበቃው የአሜሪካ መንግሥት ገጾች በሚያበቁበት «ጎቭ» በሚለው ቃል ነው።

የልጄ ማመልከቻ በመጋቢት 2017 ዓ.ም. ጸደቀ። ፋይሏ ወደ ቪዛ ማዕከሉ እንደተሻገረ የሁለታችንን ቁጥር በአንድ መልእክት ላይ ጽፌ፣ ቀጠሯችን አብሮ እንዲያዝ ጠየቅሁ። የቀረው የሰነድ ሥራ ነው፤ የእኔን የወንጀል ነፃ ማስረጃ ለማውጣት አዲስ አበባ ወርጄ አሻራ ሰጠሁ፣ የባለቤቴ የድጋፍ ቃል አይ-864 ከግብር ወረቀቱ ጋር ተያያዘ፣ ዲኤስ-260 የተባለውን የቪዛ ማመልከቻ ለሁለታችንም ለየብቻ ሞላሁ። ልደቴን ስሞላ ጃንዋሪ 21ን ሦስት ጊዜ ደግሜ አየሁ። በሐምሌ 2017 ዓ.ም. ሁለታችንም በአንድ ጠዋት ለቃለ መጠይቅ ቀረብን፤ መኮንኗ የስማችንን ነገር ጠየቀችኝ፣ የባለቤቴን የአንድ ገጽ ማብራሪያ ቅጂ ሰጠኋት፣ አንብባ መለሰችልኝ። ቪዛው ከወጣ በኋላ የመጨረሻው ክፍያ ተመልሶ ለመጀመሪያው ቤት ነው፤ ለአንድ ሰው 235 ዶላር የሆነውን የስደተኛ ክፍያ ባለቤቴ በዩኤስሲአይኤስ ድረ ገጽ ከፈለ።

የምንሄደው ከመስቀል በኋላ ነው። ባለፈው ሳምንት ጎረቤቴ እማማ ልጃቸው ካመለከተላቸው አራት ዓመት እንደሆነው ነግረውኝ «አንቺ መንገዱን ታውቂዋለሽና ደውዪልኝ» ሲሉ ስልካቸውን ዘረጉልኝ። የደረሰኝ ደብዳቤ እንዳላቸው ጠየቅኋቸው። ከዳዊታቸው መካከል አራት ላይ የታጠፈ ወረቀት አውጥተው ሰጡኝ፤ ሦስቱ ፊደላትና አሥሩ አኃዞች በደንብ ይነበባሉ። በወረቀት ጻፍሁላቸው፣ ልጃቸው ራሱ እንዲደውል ነገርኋቸው፤ ሰኞ ከቀኑ አሥር ሰዓት ላይ፣ ልጃቸው ከመደወሉ በፊት፣ ጥያቄውን አብረን በስልክ እያነበብንለት አዘጋጀን።